የእትዬ ሃሩዬ ዋስ

እትዬ ሃሩዬ ኩዋባራን ያወቅኋቸው መሀል ሲያትል በሚገኝ አንድ ትልቅ ሆቴል ምድር ቤት ውስጥ ነው። እሳቸው የሠራተኛ ልብስና የተቀደደ አንሶላ ይጠግናሉ፤ እኔ ፎጣ አጥፋለሁ። ጊዜው በፈረንጆች አቆጣጠር 1985 ነበር። ሃምሳ አራት ዓመታቸው ነው፤ አጠር ቀጠን ያሉ፣ ፀጉራቸውን ማጅራታቸው ላይ የሚቋጥሩ ጃፓናዊት ናቸው። መነጽራቸውን አፍንጫቸው ጫፍ ላይ አድርገው ክር በመርፌ ቀዳዳ ሲያስገቡ አንድም ጊዜ ሲስቱ አላየሁም። በዚያ ክፍል ከእሳቸው በቀር ሁላችንም ኢትዮጵያውያን ስለነበርን እትዬ እንላቸው ነበር። ምን ማለት እንደሆነ አንድ ቀን ጠየቁን። ታላቅ እህት እንደ ማለት ነው ስንላቸው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ከዚያ ወዲህ ከእኛ መሀል በስማቸው ብቻ የጠራቸው ሰው ቶሎ መልስ አያገኝም ነበር። የምንነጋገረው በእንግሊዝኛ ነው፤ የሁላችንም እንግሊዝኛ የየራሱ መልክ ነበረው።

የቀድሞ ሕይወታቸውን ያወቅነው በየኔነሽ መውደቅ ምክንያት ነው። የኔነሽ እንግዶች የሚያድሩባቸውን ክፍሎች የምታጸዳ፣ ካፒቶል ሂል ሰፈር የምትኖር፣ ድምጿ ከሊፍቱ ቀድሞ የሚደርስ ሴት ናት። አንድ ጠዋት አንሶላ እስከ አገጯ ድረስ ቆልላ ስትገባ ወለሉ ገና በሰም ተወልውሎ ነበርና ተንሸራትታ ዘጭ አለች። አንሶላው በየአቅጣጫው ተበተነ።

«አወዳደቅሽ የቁም ሳጥን ነው» አሉ እትዬ ሃሩዬ ከስፌት መኪናቸው ቀና ሳይሉ።

«ታዲያ እንዴት ልውደቅ? የቁንጅና ውድድር ነው?»

እትዬ ሃሩዬ መኪናውን አቆሙ። መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አኖሩ። ወለሉ መሀል ሄደው ቆሙና ጉልበቶቻቸውን ገጠሙ። የማይታይ ሰው ከጎን የመታቸው ያህል ትንሽ ፈቀቅ አሉ፤ ከዚያ ወረዱ። ወደቁ ለማለት ይከብደኛል። ቀድሞ ዳሌያቸው፣ ቀጥሎ ትከሻቸው፣ በመጨረሻ እጃቸው መሬት ነካ፤ እጁም የወረደው እንቅልፍ እንደ ወሰደው ሰው እጅ ነበር። የቀሚሳቸው ጫፍ ከቦታው ንቅንቅ አላለም። አንድ ሁለት ትንፋሽ ያህል ተጋድመው ቆዩና ተነስተው ወደ መኪናቸው ተመለሱ።

በጋሪ አንሶላ የሚያመላልሰው ክፍሌ በሩ ላይ እንደ ቆመ ቀርቶ ነበር። «የት ነው የተማሩት?» አለ።

«ሲኒማ ውስጥ። አርባ አንድ ጊዜ ሞቻለሁ።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ምሳ ሰዓታችን የእሳቸው ታሪክ ሆነ። በአንድ ጊዜ ብዙ አይናገሩም። ከሩዛቸው ላይ ትንሽ ይበላሉ፣ ትንሽ ይነግሩናል፣ ደወሉ ሲመታ ዓረፍተ ነገሩን መሀል ላይ ጥለው ይነሳሉ።

የተወለዱት ኦሳካ አጠገብ ነው፤ አባታቸው የእንጨት ማበጠሪያ ይሠሩ ነበር። ቤታቸው በጦርነቱ ተቃጠለ። አሥራ ስምንት ዓመት ሲሆናቸው፣ ኪዮቶ ያለ አንድ የፊልም ኩባንያ አዳዲስ ተዋናዮች እፈልጋለሁ ብሎ ጋዜጣ ላይ አወጣ፤ በእህታቸው ጫማ ሄደው ተፈተኑ።

«ቁጭ በይ አሉኝ፣ ቁጭ አልኩ። ከዚያ ረሱኝ። አንድ ሰዓት ሙሉ አንድም ሰው አላናገረኝም። ሳልነቃነቅ ቆየሁ። ለካ ፈተናው እሱ ነበር።»

የሳሙራይ ፊልም እንደ ጉድ የሚታይበት ዘመን ነበር። ሲኒማ ቤቶቹ በየሳምንቱ አዲስ ስለሚፈልጉ ኩባንያው ፊልም እንደ ዳቦ ይጋግር ነበር ማለት ይቻላል። እትዬ ሃሩዬ ጠዋት በአንዱ ፊልም የነጋዴ ልጅ ይሆናሉ፤ ከምሳ በኋላ በሌላው የሳሙራይ ሚስት፤ ወደ ማታ ወንዝ ዳር የተጣለ ሬሳ። አንድ ጊዜ ደክሟቸው የቱ ፊልም ላይ እንዳሉ ስለ ጠፋቸው ሬሳው ተነስቶ የነጋዴዋን ልጅ ቃል ተናገረ። ዳይሬክተሩ እንኳ ሳቀ፤ ግን እንደገና ሞቱ።

የሚያደርጉት ዊግ ከሥሩ የመዳብ ቆብ ነበረው። ባለሙያው በራሳቸው ልክ በትንሽ መዶሻ እየቀጠቀጠ ያስተካክለዋል፤ አንዴ ከተደረገ እስኪመሽ አይወልቅም። ከግራ ጆሯቸው በላይ ሳንቲም የሚያህል ፀጉር የማይበቅልበት ቦታ አለ። አሳይተውናል።

በፊልሙ ወንዶቹ ጎራዴ ይመዛሉ፣ ይፎክራሉ፣ ይገዳደላሉ። የሴቶቹ ሥራ በር መክፈት፣ መጠበቅና መሞት ነው። አሟሟቱን ያስተማሯቸው ሺንዞ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ። በጃፓን የድሮ ቲያትር ሴት መድረክ ላይ ስለማትወጣ፣ ሴት ሆነው የሚጫወቱት ወንዶች ናቸው፤ ሺንዞ ዕድሜያቸውን በዚህ ያሳለፉ ሰው ነበሩ። መድረኩን ከተዉ በኋላ ኩባንያው ልጃገረዶቹን የጥንት ሴት አረማመድ እንዲያስተምሩ ቀጠራቸው። ጉልበትና ጉልበታቸው መሀል ወረቀት አስገብተው ያስኬዷቸዋል፤ ወረቀቱ ከወደቀ እንደገና ነው። የሳሙራይ እመቤት ራሷን ልታጠፋ ስትል አስቀድማ ጉልበቶቿን በገመድ ታስራለች፤ ሬሳዋ እንኳ እንዳይዝረከረክ። እትዬ ሃሩዬ ያንን የገመድ አስተሳሰር መልመድ አንድ ክረምት ፈጅቶባቸዋል።

«ለሚሞት ሰው ምን አለበት? ማን ያየዋል?» አለች የኔነሽ።

«ካሜራው።»

«አዲስ አበባ ሲኒማ ስንገባ አክተር አይሞትም ነበር፤ ሁላችንም ይህን አውቀን ነው የምንገባው። ሶ፣ እርስዎ አርባ አንዴ ከሞቱ ምኑን አክተር ሆኑ?»

እትዬ ሃሩዬ ትንሽ አሰቡ። «አክተሩ እንዳይሞት እኔ እሞትለታለሁ» አሉ።

አንድ ዓርብ ቀን ደግሞ ለምን እንደ ተዉት ነገሩን። ቶም ኩዋባራ የሚባል፣ ወላጆቹ ጃፓኖች የሆኑ ሲያትል የተወለደ ሰው ጭነት መርከብ ላይ ወጥ ቤት ይሠራ ነበር። ኮቤ ወደብ ተዋወቁ። ሦስት ጊዜ መጣ፤ በሦስተኛው ጊዜ መርከቧ ዳግም እንደማትመለስ ነገራቸው። ጊዜው 1963 ነበር። እትዬ ሃሩዬ በዚያው ሰሞን በአሥራ አራት ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ስማቸው ፖስተር ላይ የሚወጣበት ፊልም እየሠሩ ነበር፤ «ከሸምበቆው ማዶ» ይባላል። ሊያልቅ አራት ቀን ቀርቶታል። የሚቀረው የእሳቸው ትልቁ ቦታ ነው፤ ሸምበቆው ውስጥ የሚሞቱበት። አራት ቀን ይጠብቀኝ ብለው ላኩ። መርከብ ሰው አይጠብቅም። ኩባንያውን ፈቃድ ጠየቁ፤ ውላቸው ገና ሁለት ዓመት ይቀረዋል ተባሉ።

«ስለዚህ ጠዋት ዊግ ሊገጥሙልኝ ሲጠብቁኝ እኔ ባቡር ላይ ነበርኩ።»

«ለፍቅር ነዋ» አለች የኔነሽ ደስ ብሏት። «ደግ አደረጉ።»

«ውሌ ላይ ግን፣ በእኛ አገር ፊርማው ማኅተም ነውና፣ ከእኔ ማኅተም ጎን የመምህሬ የሺንዞ ማኅተም ነበረበት።»

ቃሉን በአማርኛ ያለው ክፍሌ ነው። ጋሪውን ግድግዳ አስደግፎ ቆሞ ነበር። «ዋሳቸው ነበሩ ማለት ነው» አለ።

የኔነሽ ሹካዋን አስቀመጠች። «ዋስዎን ጥለው ሄዱ?»

ቃሉን ለማናችንም ማብራራት አላስፈለገም። እኛ ዘንድ ለቤት ሠራተኝነት እንኳ የሚገባ ሰው ዋስ አምጣ ይባላል፤ ዋስ የሚሆንህ ሰው ስሙን፣ ቤቱን፣ አንገቱን ነው የሚሰጥልህ። የኔነሽ በሰው ላይ ፈርዳ የማታውቅ ሴት አይደለችም፤ ያን ቀን ግን ሌላ ነገር ልትጨምር አፏን ከፈተችና ክፍሌን አየችው፣ ተወችው።

ክፍሌ አሜሪካ የመጣው መሥሪያ ቤቱ ለስድስት ወር ሥልጠና ልኮት ነው። እንደሚመለስ ፈርሞ ዋስ የሆነለት ከእሱ ጋር ጠረጴዛ የሚጋራ አሰፋ የሚባል ጓደኛው ነበር። ስድስት ወሩ አምስት ዓመት ሆነ።

«ደብዳቤ ጽፈህለታል?» አሉት እትዬ ሃሩዬ።

«ከእኔ ደብዳቤ ሲደርሰው የመሥሪያ ቤቱ ካድሬዎች ቢያዩት ምን ሊሉት?» አለና ጋሪውን ገፍቶ ወጣ።

እትዬ ሃሩዬስ ጽፈዋል። ሁለት ጊዜ ጻፉ፤ መልስ አልመጣም። ሺንዞ በ1968 እንደ ሞቱ ያወቁት ከጃፓኖች ግሮሰሪ ከገዙት ጋዜጣ ነው፤ ሦስት መስመር ብቻ ነበር፣ ስለ ሥራቸው አንድም ቃል የለውም። ኩባንያውም በኋላ ተዘጋ። ቶም ከሞተ ስድስት ዓመቱ ነው፤ ኦቴሎ በሚባለው የሲያትል ሰፈር በምትገኝ ትንሽ ቤት ብቻቸውን ይኖራሉ። ሲያትል ከገቡ ጀምሮ አንድም የጃፓን ፊልም አይተው አያውቁም።

ጥቅምት ላይ ክፍሌ ካፒቶል ሂል አንድ ካፌ መስኮት ላይ ማስታወቂያ አየ። ዩኒቨርሲቲው አጠገብ ያለ ትንሽ ሲኒማ ቤት ለአንድ ሳምንት የድሮ የሳሙራይ ፊልሞችን ሊያሳይ ነው። ዝርዝሩን በእጁ ገልብጦ አመጣላቸው። እትዬ ሃሩዬ መነጽራቸውን ከፍ አድርገው እያነበቡ ወረዱና ቅዳሜ ላይ፣ «ከሸምበቆው ማዶ» ከሚለው ጎን ቆሙ። ወረቀቱን አጥፈው ለክፍሌ መለሱለት።

«አልሄድም።»

«እንዴ፣ ፊልምዎ አይደለም?» አለች የኔነሽ። «እኔ ብሆን ሰፈሩን በሙሉ ኮል አድርጌ እጠራ ነበር።»

«እኔ መሆኔን አላውቅም» አሉ። ሥራቸውን አቁመው እንዲህ ሲያብራሩ ያየኋቸው ያኔ ብቻ ነው። እሳቸው ሲጠፉ ኩባንያው ሁለት ምርጫ ነበረው። አንደኛው ሌላ ተዋናይ አምጥቶ ሁሉንም ነገር ከመጀመሪያው እንደገና ማንሳት ነው። ያን ካደረገ ጥፋቱ በሙሉ በዋሱ ላይ ይወድቃል፤ ሺንዞ በዚያው ሳምንት ተዋርደው ተባረዋል ማለት ነው። ሁለተኛው ባለው ፊልም እንደምንም መጨረስ ነው። «ፊቴ ካለ መምህሬ ተርፈዋል። የሌላ ሴት ፊት ካለ አስወጥቻቸዋለሁ። ሃያ ሁለት ዓመት ሳላውቅ ኖርኩ። አሁን በሦስት ዶላር ቲኬት ልወቀው?»

ክፍሌ ወረቀቱን በእጁ እንደ ያዘ፣ «እኔ ብሆን እሄድ ነበር» አለ። «የእኔ ዋስ ምን እንደ ደረሰበት የሚያሳየኝ ፊልም የለም።»

እትዬ ሃሩዬ ወረቀቱን መልሰው ከእጁ ወሰዱ። «ስንት ሰዓት ነው የሚጀምረው?» አሉ።

ቅዳሜ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ አራታችን ተገናኘን። እትዬ ሃሩዬ ጥቁር ሰማያዊ ካፖርት ለብሰዋል፤ ከንፈራቸውን ቀለም ተቀብተው አጥፍተውታል መሰለኝ ጠርዙ ላይ ትንሽ ቀርቷል። አዳራሹ ውስጥ ከሠላሳ ሰው አንበልጥም፤ አብዛኛው ተማሪ ነው። የኔነሽ ቆሎ ይዛ መጥታ ነበር፤ ገና መብራቱ ሳይጠፋ መቆርጠም ጀመረች።

ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። ሃያ ደቂቃ ያህል ወንዶች ብቻ ናቸው የሚታዩት፤ አንዱ ጌታው የሞተበት ሳሙራይ መንገድ ለመንገድ ይንከራተታል፣ ሌሎቹ ይፈልጉታል። እትዬ ሃሩዬ ቦርሳቸውን እቅፋቸው ላይ አድርገው ያን ፈተና የሚፈተኑ ይመስል ሳይነቃነቁ ተቀመጡ። ከዚያ አንድ ተንሸራታች በር ተከፈተ፤ አንዲት ሴት ተንበርክካ ዐይኗን ወደ መሬት እንዳደረገች ታየች። ፊቷን ለማየት ቀና እስክትል መጠበቅ ነበረብን።

ቀና አለች።

«እትዬ፣ እርስዎ ነዎት» አለች የኔነሽ አዳራሹ በሙሉ በሚሰማው ድምፅ። «ምነው እንዲህ ቆንጆ ነበርኩ አይሉም ነበር?»

ከኋላችን «ሽሽሽ» አሉን። እትዬ ሃሩዬ ቦርሳውን ይዘው የነበሩ ጣቶቻቸው ተፈቱ። ግን ገና ነበር። ከእኛ ይልቅ እሳቸው ያውቁታል፤ ሳይቀረጽ ጥለውት የሄዱት ሞት ይቀራል፤ እሱን ማን ሞተው? የራሳቸውን ወጣት ፊት እያዩ አንድም ጊዜ ፈገግ አላሉም። የሚያዩት እንደ ባለሙያ ነው፤ አንድ ቦታ ላይ «እጄ ፈጠነ» ሲሉ ሰማኋቸው።

መጨረሻው ደረሰ። ጠላቶቹ ወደ ቤቷ እየመጡ ነው፤ ሴትየዋ ገመዱን ከመሳቢያ አወጣች። እዚህ ላይ እትዬ ሃሩዬ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ይህ የመጨረሻዬ ነው፤ ከዚህ በኋላ የለሁም» አሉን።

ፊልሙ ወደ ወንዙ ሄደ። ንጋት ነው፣ ጭጋግ አለ፣ ሸምበቆው ይወዛወዛል። ትንሽ ጀልባ ላይ አንዲት ሴት ጀርባዋን ሰጥታን ተቀምጣለች። የለበሰችው ኪሞኖ የእሷው ነው፣ ፀጉሩም የእሷው። ጀልባ ቀዛፊው በረጅም እንጨት ይገፋል። ሳሙራዩ ሮጦ ሲደርስ አንዲት አሮጊት ሄደዋል አለችው፤ እሱም ቆሞ አየ። ሴትየዋ አልዞረችም። ጀልባው ከሸምበቆው ጋር ታጥፎ ጠፋ፣ አለቀ።

«ሳትሞት» አለች የኔነሽ በሹክሹክታ። እሷ ካንሾካሾከች ነገሩ ከብዷታል ማለት ነው። «ሳይገድሏት ለቀቋት። ግን ያቺ ማን ናት?»

መብራቱ በራ። እትዬ ሃሩዬ ባዶውን መጋረጃ እያዩ ነበር።

«ሴት አይደለችም» አሉ። «ግራ ትከሻቸውን አላያችሁም? ከቀኙ ዝቅ ይላል። በወጣትነታቸው ከመድረክ ወድቀው ነው። መምህሬ ናቸው።»

የኔነሽ ቆሎዋን ጭኗ ላይ አኖረች።

«መድረኩን የተዉ ቀን ሴት ሆኜ የምቀባውን ነጭ ዱቄት ሁለተኛ አልቀባም ብለው ምለው ነበር። ስድሳ አራት ዓመታቸው ነበር። ማጅራታቸው ላይ ነጩን ተቀብተዋል። ዊጌን አድርገዋል፤ የእኔ ራስ ትንሽ ነው፣ እንዴት አሟቸው ይሆን።» እዚህ ላይ መነጽራቸውን አወለቁ።

ክፍሌ ከወዲያ ጫፍ ጎንበስ ብሎ፣ «ታዲያ አላባረሯቸውም» አለ። እንዲያው ለማጽናናት አልነበረም። ማወቅ ፈልጎ ነበር።

«በመጨረሻው ቀን እዚያ ነበሩ። በአራተኛው ቀን፣ በእኔ ቦታ። ከዚያ በኋላ የሆነውን አላውቅም።»

«ተቀይመዋል?»

«የተቀየመ ሰው ጀልባው ላይ ይገድለኝ ነበር» አሉ እትዬ ሃሩዬ። «ጎራዴ ከኋላ መሰካት እኮ አምስት ደቂቃ ነው፤ ትከሻ እንጂ ፊት አያስፈልገውም። እሳቸውም ከእኔ የተሻለ መውደቅ ያውቃሉ።»

አስተናባሪው መጥረጊያ ይዞ መጣ። ፊልሙ አሥር ሰዓት ተኩል ላይ አንድ ጊዜ ደግሞ ይታይ ነበር፤ ከዚያ በማግስቱ ወደ ሌላ ከተማ ይሄዳል። እትዬ ሃሩዬ፣ እናንተ ሂዱ፣ እኔ እቆያለሁ አሉን። የኔነሽ በአሥራ አንድ ሰዓት ሥራ ነበረባት። ኮሪደሩ ላይ ካለው ስልክ ለሱፐርቫይዘሯ ኮል አድርጋ ሆዴን አሞኛል ስትል ሰማናት፤ ጩኸቷ ግን የሕመምተኛ አልነበረም። ክፍሌ ምንም ሳይናገር አራት ቲኬት ይዞ ተመለሰ።

ሁለተኛውን ጊዜ እትዬ ሃሩዬ ሌላ ሰው ሆነው ነበር። ዊግ ሠሪው ሰክሮ የመጣበት ቀን የትኛው እንደሆነ፣ የትኛው ሳሙራይ ፈረስ እንደሚፈራ፣ የትኛው ዝናብ ከእሳት አደጋ መኪና እንደ ተረጨ በጆሯችን እየነገሩን የኔነሽ በሳቅ ቆሎዋ ትን ሊላት ደረሰ። ገመዱ ከመሳቢያ ሲወጣ ቀልዱን ትተው ወደ መጋረጃው ዞሩ።

ጭጋጉ መጣ። ጀልባው ከሸምበቆው መሀል ሲወጣ እትዬ ሃሩዬ ቦርሳቸውን ወንበሩ ላይ አኑረው ተነሱ። እጆቻቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ከወገባቸው ጎንበስ አሉ፤ እንደዚያው ቀሩ።

የኔነሽ አየቻቸውና ብድግ አለች። ታላቅ ሰው ሲገባ ተቀምጦ መቆየት አታውቅበትም። እኔም ተነሳሁ። ክፍሌ በመጨረሻ ተነሳ፤ ኮፍያውን አውልቆ በሁለት እጁ ደረቱ ላይ ያዘው። ከንፈሩ ይንቀሳቀስ ነበር፤ ምን እንደሚል አልሰማሁም፣ አልጠየቅሁትምም።

«ሲት ዳውን» አለ ከኋላችን አንድ ተማሪ። «አይታየንም።»

የኔነሽ ዞር ብላ በአማርኛ፣ «የእትዬ መምህር ናቸው» አለችው።

ልጁ ምን እንደ ገባው አላውቅም፤ ሁለተኛ አልተናገረም። ነጭ ማጅራታቸውን እያየን ጀልባው እስኪታጠፍ ድረስ ቆመን ሸኘናቸው፤ ከዚያ ተቀመጥን።